«ወይም» የምትለው ቃል በኖታ መጻሕፍት ርእስ ላይ
(ለጥቂት ተጫዋቾች በተጻፈ ሙዚቃ ስለሚገኘው የመሣሪያ ዝርዝር የቀረበ የታሪክ ጥናት)

ጥቂት ተማሪዎች ተሰብስበው በአንድነት ሙዚቃ ለመጫወት ሲያስቡ፥ አስቀድሞ የሚያጋጥማቸው ጥያቄ የችሎታ ጥያቄ አይደለም። በእጃቸው ያሉት መሣሪያዎች ምን ምን እንደ ሆኑ ቈጥረው ለእነዚያ መሣሪያዎች የተጻፈውን ኖታ መፈለግ አለባቸው። አንዱ ክላሪኔት፥ ሁለተኛው ቼሎ፥ ሦስተኛው ፒያኖ ይጫወታል እንበል። የአሳታሚውን ዝርዝር ሲገልጡ «ትሪዮ ለፒያኖ፥ ለክላሪኔት ወይም ለቫዮሊን፥ ለቼሎ» የሚል ርእስ ያገኛሉ። «ወይም» የምትለው ቃል ትንሽ ናት፤ ነገር ግን የምትሸከመው ብዙ ነው። ደራሲው ክላሪኔቱንና ቫዮሊኑን እኩል አድርጎ ዐስቧቸው ነውን? ወይስ አሳታሚው ገዢ እንዲበዛለት የጨመራት ቃል ናት?

ብዙ ሰው የመሣሪያውን ዝርዝር በሣጥን ላይ እንደ ተጻፈ የዕቃ ብዛት አድርጎ ያነበዋል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ግን ዝርዝሩ ራሱ የታሪክ ሰነድ መሆኑን ማስረዳት ነው። ማንኛውም ሰነድ ማን እንደ ጻፈው፥ መቼ እንደ ጻፈውና ለማን እንደ ጻፈው ሳይመረመር ቢነበብ እንደሚያሳስት ሁሉ፥ ይህም እንዲሁ ያሳስታል። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።

1. መሣሪያ ያልተጠራበት ዘመን

ኦታቪያኖ ፔትሩቺ በ1501 ዓ.ም. በቬኒስ ያሳተመው የዜማ መጽሐፍ፥ ብዙ ድምፅ ያለው ሙዚቃ በተንቀሳቃሽ ፊደል ታትሞ የወጣበት የመጀመሪያው መጽሐፍ ነው። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ከሚገኙት ዜማዎች አብዛኞቹ የግጥሙ ቃል አልተጻፈባቸውም፤ የመሣሪያም ስም አልተጠራባቸውም። ይህ የአታሚው ቸልታ አይደለም። በዚያ ዘመን አንድ የዜማ መሥመር ማለት የድምፅ መንገድ ማለት ነበረ፤ በዚያ መንገድ ዘፋኝም ሊሄድበት፥ በክር ወይም በትንፋሽ የሚጫወትም ሊሄድበት ይችላል። የሚያስፈልገው መሣሪያው ለመሥመሩ ከፍታና ዝቅታ የሚበቃ መሆኑ ብቻ ነው። ቲልማን ሱዛቶም በ1551 ዓ.ም. በአንትወርፕ የጭፈራ ዜማዎችን ሲያሳትም፥ ለሙዚቃ መሣሪያዎች ሁሉ የሚስማሙ መሆናቸውን በርእሱ ላይ አስታወቀ። እንግዲህ የመጀመሪያዋ «ወይም» ይህች ናት፤ እውነተኛ ነፃነትን የምትሰጥ «ወይም»።

ይሁን እንጂ በዚያው ዘመን ገዢውን ለመምራት የተደረገ ሙከራ ነበረ። የፓሪሱ አታሚ ፒየር አተንያን በ1533 ዓ.ም. ባሳተማቸው ባለ አራት ድምፅ ዘፈኖች ላይ ከላቲን ፊደላት የመጀመሪያዎቹን ሁለቱን እንደ ምልክት አድርጎ ተጠቀመ። የመጀመሪያው ፊደል ያለበት ዘፈን ወደ ጎን ተይዞ ለሚነፋው ፍሉት የሚሻል ነው። ሁለተኛው ፊደል ያለበት ቀጥ ብሎ ለሚያዘው ፍሉት የሚሻል ነው። ሁለቱም ፊደላት ያሉበት ለሁለቱም ይስማማል። ይህ ትእዛዝ ሳይሆን ምክር ነው፤ ምክሩም የመጣው ከዜማው ደራሲ ሳይሆን ከአታሚው ነው። የመሣሪያ ዝርዝር ገና ከመነሻው የአሳታሚ ድምፅ እንደ ነበረበት ከዚህ እንረዳለን።

ደራሲው ራሱ መሣሪያውን በስሙ ሲጠራ ከምናይባቸው ቀደምት ሥራዎች አንዱ ጆቫኒ ጋብርኤሊ በ1597 ዓ.ም. በቬኒስ ያሳተመው በዝግታና በጕልበት ተለዋውጦ የሚጫወት ሶናታ ነው። ስምንቱ ድምፆች በሁለት ወገን ተከፍለዋል። በአንደኛው ወገን አንድ ኮርኔቶና ሦስት ትሮምቦኖች፥ በሁለተኛው ወገን አንድ ቫዮሊንና ሦስት ትሮምቦኖች ተጽፈዋል። ነገር ግን እዚህ ላይ አንባቢ መጠንቀቅ አለበት። ኮርኔቶ የተባለው በጣት የሚደፈን ቀዳዳ ያለው የእንጨት መሣሪያ ነው እንጂ በኋላ ዘመን የመጣው የናስ ኮርኔት አይደለም። ቫዮሊን ተብሎ የተጻፈውም ክፍል ዛሬ ቫዮሊን ከምንለው መሣሪያ ድምፅ በታች ስለሚወርድ፥ በአሁኑ ጊዜ የሚጫወተው በቪዮላ ነው። ስሙ ሳይለወጥ የተሰየመው ነገር ተለውጧል ማለት ነው።

2. ሦስት ሲባል አራት

ሁለተኛው የስሕተት ምንጭ ቍጥር ነው። አርካንጄሎ ኮሬሊ በ1681 ዓ.ም. በሮም ያሳተማቸው የመጀመሪያዎቹ ሶናታዎቹ «በሦስት» የሚሰኙ ናቸው፤ ዛሬም ትሪዮ ሶናታ ይባላሉ። ሦስት ሰዎች ይበቃሉ ብሎ ኖታውን የገዛ ግን አራት መጽሐፍ ሆኖ ያገኘዋል፤ አንዱ ለመጀመሪያው ቫዮሊን፥ አንዱ ለሁለተኛው ቫዮሊን፥ አንዱ ለባስ የክር መሣሪያ፥ አንዱም ለኦርጋን ነው። ምክንያቱም በዚያ ዘመን የሚቈጠረው የዜማው መሥመር እንጂ ሰው አልነበረም። የባሱን መሥመር አንዱ በክር መሣሪያ ሲጫወተው ሌላው ከዚያው መሥመር ተነሥቶ በኦርጋን ወይም በሃርፕሲኮርድ ስምም ድምፆችን ይጨምርበታል። መሥመሩ አንድ ስለ ሆነ አንድ ተብሎ ተቈጠረ።

በ1700 ዓ.ም. የወጡት የኮሬሊ የቫዮሊን ሶናታዎች ደግሞ በርእሳቸው ላይ «ለቫዮሊንና ለቪዮሎኔ ወይም ለሃርፕሲኮርድ» የሚል አላቸው። ቃሉ እንደ ተጻፈ ቢወሰድ ቫዮሊንና አንድ የባስ ክር መሣሪያ ብቻ ሆነው ሊጫወቱት ይችላሉ፤ ሃርፕሲኮርድ የሌለው ማኅበር ሥራው አይቀርበትም። በልማድ ግን ሁለቱም በአንድነት ሲጫወቱት ይሰማል። እዚህ ያለችው «ወይም» በሩን ከፍታ የምትተው እንጂ አንዱን አስገብታ ሌላውን የምታስወጣ አይደለችም።

በ18ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ላይ የባሱን መሥመር ለሁለት የመካፈል ልማድ እየቀረ ሄደ። ሃይድንና ሞዛርት የጻፏቸው የክር ኳርቴቶች ላይ ስንደርስ አራት መሥመር ማለት አራት ሰው ማለት ሆኗል። ስለዚህ አንድ ተማሪ «ትሪዮ» ወይም «ኳርቴት» የሚል ቃል ሲያይ መጀመሪያ የሚጠይቀው የሥራውን ዘመን ሊሆን ይገባል።

3. የነጋዴው «ወይም»

በ18ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ለጥቂት ተጫዋቾች የሚጻፈውን ሙዚቃ በብዛት የሚገዛው በቤቱ የሚጫወት ሰው ነበረ። ደራሲው በአብዛኛው ሥራውን በቍርጥ ዋጋ ለአሳታሚ ይሸጣል፤ ከዚያ በኋላ የሚገኘው ትርፍ የአሳታሚው ነው። ስለዚህ በርእሱ ላይ የምትጨመር እያንዳንዷ «ወይም» ለአሳታሚው ሌላ ገዢ የሚገባባት በር ናት።

ለዚህ ግልጽ ማስረጃ የሚሆነን የቤቶቨን የፒያኖ ሶናታ ነው፤ «የጨረቃ ብርሃን» እየተባለ የሚጠራው። በ1802 ዓ.ም. በቪየና ሲታተም ርእሱ «ለሃርፕሲኮርድ ወይም ለፒያኖ» ይላል። ነገር ግን የመጀመሪያው ክፍል በሙሉ የፒያኖው ድምፅ ማፈኛ ከክሮቹ ላይ ተነሥቶ እንዲጫወት ደራሲው አዝዟል። ሃርፕሲኮርድ እንዲህ ያለ ሥራ የሚሠራ ፔዳል የለውም፤ ድምፁንም እንደ ጣት ጕልበት ቀስ ማድረግና ማጉላት አይችልም። እንግዲህ በርእሱ ላይ የተጻፈውን ኖታው ራሱ ያፈርሰዋል። በዚያ ቃል ውስጥ የደራሲውን ሐሳብ መፈለግ ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ነው።

ሁለተኛው ማስረጃ የሞዛርት ነው። ሞዛርት በ1786 ዓ.ም. ለክላሪኔት፥ ለቪዮላና ለፒያኖ አንድ ትሪዮ ጻፈ። አርታሪያ የተባለው የቪየና አሳታሚ በ1788 ዓ.ም. ሲያወጣው ግን ሥራው የፒያኖ፥ የቫዮሊንና የቪዮላ ሆኖ ቀረበ፤ የቫዮሊኑ ክፍል በክላሪኔትም ሊጫወት እንደሚችል በርእሱ ላይ ተጨመረ። ምክንያቱን ለመገመት አያስቸግርም፤ በየቤቱ የሚገኘው ቫዮሊን እንጂ ክላሪኔት አልነበረም። ሥራው የተወለደበት መሣሪያ በገዛ ቤቱ እንግዳ ሆነ ማለት ነው። ይህን ትሪዮ በርእሱ ብቻ የፈረደ ሰው ክላሪኔቱን እንደ ምትክ ይቈጥረዋል፤ እውነቱ ግን ተቃራኒው ነው።

ነጋዴው የሚጨምረው «ወይም» ብቻም አይደለም፤ የመሣሪያዎቹንም ማዕረግ በርእሱ ያሳያል። በ1795 ዓ.ም. በለንደን የታተሙት ሦስት የሃይድን ትሪዮዎች በርእሳቸው ላይ የፒያኖ ሶናታዎች ተብለው፥ ቫዮሊኑና ቼሎው አጃቢ ተደርገው ተጽፈዋል። ይህ ርእስ ከሥራው ጠባይ ጋር ይስማማል። ቼሎው በብዙ ስፍራ የፒያኖውን ግራ እጅ ይከተላል እንጂ የራሱ የሆነ ሰፊ ንግግር የለውም። ዛሬ በአሳታሚዎች ዝርዝር እነዚህ ሥራዎች «የፒያኖ ትሪዮ» ተብለው ከብራምስ ትሪዮዎች ጋር በአንድ ረድፍ ይገኛሉ። ዝርዝሩ አልዋሸም፤ መሣሪያዎቹ አንድ ናቸው። ነገር ግን እኩል ድርሻ ይኖረኛል ብሎ የገዛ የቼሎ ተጫዋች ያዝናል።

ስለ ርእስ ሐቀኝነት ደራሲው ራሱ የተከራከረበት ጊዜም አለ። በ1802 ዓ.ም. ቤቶቨን በቪየና ጋዜጣ ላይ ማስታወቂያ አወጣ። በስሙ የታተሙት ሁለት ኩዊንቴቶች፥ አንዱ በቪየና አንዱ በላይፕዚግ የወጡት፥ እርሱ ለኩዊንቴት የጻፋቸው አለመሆናቸውንና አንዱ ከሲምፎኒው፥ ሁለተኛው ለሰባት መሣሪያ ከጻፈው ሥራው አሳታሚዎቹ አዘጋጅተው ያወጧቸው መሆናቸውን ለሕዝብ ገለጸ። እንዲህ ያለ ሥራ ከሌላ የተገለበጠ መሆኑ ቢያንስ በርእሱ ገጽ ላይ እንዲጻፍ ጠየቀ፤ ይህ ካልሆነ የደራሲው ክብር ይቀንሳል፥ ገዢውም ይታለላል ብሎ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል። ነጋዴውን ብቻ መውቀስ ተገቢ ነውን? ድምፅ የሚቀዳ መሣሪያ ባልነበረበት ዘመን ከትልልቅ ከተሞች ርቆ የሚኖር ሰው አንድን ሲምፎኒ የሚያውቀው ለጥቂት መሣሪያ ተገልብጦ ሲደርሰው ነበረ። የመለዋወጥ ፈቃድ ባይኖር ብዙ ቤት ያለ ሙዚቃ በቀረ ነበር። ይህ ተቃውሞ እውነት አለው። ቤቶቨን ራሱ ያንኑ የሰባት መሣሪያ ሥራ ለፒያኖ፥ ለክላሪኔት ወይም ለቫዮሊን፥ ለቼሎ አድርጎ አዘጋጅቶ በ1805 ዓ.ም. አሳትሞታል። እንግዲህ የተቃወመው መገልበጡን ሳይሆን መሸሸጉን ነው። እኛም ዝርዝር ስናነብ ልንይዘው የሚገባን ልዩነት ይኸው ነው።

4. የደራሲው «ወይም»

ከነጋዴው «ወይም» የተለየች ሌላ አለች፤ ደራሲው ራሱ ደክሞ የጻፋት። ብራምስ በእርጅናው ወራት የማይኒንገንን የክላሪኔት ተጫዋች ሪካርድ ሙልፌልድን ሰምቶ፥ ሊተወው ያሰበውን ድርሰት እንደ ገና ቀጠለ። በ1891 ዓ.ም. አንድ ትሪዮና አንድ ኩዊንቴት፥ በ1894 ዓ.ም. ደግሞ ሁለት የክላሪኔት ሶናታዎች ጻፈ። ሶናታዎቹ በ1895 ዓ.ም. ሲታተሙ ለክላሪኔት ወይም ለቪዮላ ተብለው ወጡ። የቪዮላው ክፍል ግን የክላሪኔቱ ግልባጭ ብቻ አይደለም። ለቪዮላ እንዲመች አንዳንድ ስፍራ ወደ ታች ወርዷል፤ አንዳንድ ስፍራም ሁለት ክር በአንድ ጊዜ የሚመታበት ድምፅ ተጨምሮበታል። ከዚህም በላይ ብራምስ የቫዮሊን ቅጅ አዘጋጀ። ቫዮሊን እንደ ቪዮላ ዝቅ ብሎ መውረድ ስለማይችል፥ በዚህ ቅጅ የፒያኖው ክፍል ራሱ በአንዳንድ ስፍራ ተለውጧል።

ከዚህ የሚገኘው ትምህርት ተግባራዊ ነው። የቫዮሊኑን ቅጅ ገዝቶ ከክላሪኔቱ የፒያኖ ኖታ ጋር ለመጫወት የሚሞክር ሁሉ አይስማማለትም። «ወይም» የምትለው ቃል አንድ ናት፤ ከኋላዋ ያሉት ኖታዎች ግን ሁለት ወይም ሦስት ሊሆኑ ይችላሉ።

ሦስተኛዪቱ «ወይም» ደግሞ ከሞት የመጣች ናት። ሹበርት በ1824 ዓ.ም. አርፔጆኔ ለተባለ መሣሪያ ሶናታ ጻፈ። አርፔጆኔ እንደ ጊታር ስድስት ክር ያለውና እንደ ቼሎ በደጋን የሚመታ አዲስ ፈጠራ ነበረ። ሶናታው በ1871 ዓ.ም. ሲታተም መሣሪያው ከአገልግሎት ወጥቶ ስለ ነበር የቼሎ ክፍል ተጨመረለት። ዛሬ በዝርዝር ላይ «ለአርፔጆኔ» የሚለውን ቃል ብቻ አይቶ የሚተወው ሰው ለቼሎና ለቪዮላ ተጫዋቾች ከሚወደዱት ሥራዎች አንዱን ያጣል።

5. አንድ ስም፥ ልዩ ልዩ መሣሪያ

የማኅበር ስም ራሱ በቂ ዝርዝር አለመሆኑን ከሁሉ ይልቅ «ኩዊንቴት» የሚለው ቃል ያሳያል። የሞዛርት የክር ኩዊንቴት ሁለት ቫዮሊን፥ ሁለት ቪዮላ፥ አንድ ቼሎ ይፈልጋል። ሹበርት በ1828 ዓ.ም. የጻፈው ግን፥ ከእርሱ በፊት ቦኬሪኒ ብዙ ጊዜ እንዳደረገው፥ አንድ ቪዮላና ሁለት ቼሎ ይፈልጋል። «የክላሪኔት ኩዊንቴት» ሲባል አምስት ክላሪኔት ሳይሆን አንድ ክላሪኔትና አራት የክር መሣሪያ ነው። ሹማን በ1842 ዓ.ም. የጻፈው የፒያኖ ኩዊንቴት ፒያኖና የክር ኳርቴት ሲሆን፥ ሹበርት በ1819 ዓ.ም. የጻፈውና በዓሣ ስም የሚጠራው የፒያኖ ኩዊንቴት አንድ ቫዮሊን፥ ቪዮላ፥ ቼሎ፥ ኮንትራባስና ፒያኖ ነው። ለዚህ ሥራ ሁለተኛ ቫዮሊን የጋበዘ ማኅበር አንዱን ሰው ያለ ሥራ ያስቀምጠዋል፤ ኮንትራባስም ያጣል።

የትንፋሽ ኩዊንቴት በ19ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ አንቶን ራይካ በጻፋቸው ሥራዎች ምክንያት ፍሉት፥ ኦቦ፥ ክላሪኔት፥ ፋጎትና ሆርን ሆኖ ጸና። ዛሬ አሳታሚዎች ይህን ማኅበር በቍጥር ብቻ «1.1.1.1 – 1.0.0.0» ብለው ሊጽፉት ይችላሉ። የመጀመሪያዎቹ አራት ቍጥሮች በተራ ፍሉት፥ ኦቦ፥ ክላሪኔት፥ ፋጎት ናቸው። የኋለኞቹ ሆርን፥ ትረምፔት፥ ትሮምቦን፥ ቱባ ናቸው። ተራውን ለማያውቅ ሰው ምስጢር ይመስላል፤ ለሚያውቅ ግን ከማንኛውም ርእስ ይልቅ የጠራ ነው።

የሰውና የመሣሪያ ቍጥርም ሁልጊዜ አንድ አይሆንም። ሾንበርግ በ1912 ዓ.ም. የጻፈው «ፒዬሮ ሉኔር» ከድምፃዊቱ ሌላ ስምንት መሣሪያ ይጠራል፤ ተጫዋቾቹ ግን አምስት ናቸው። ፍሉት የሚጫወተው ፒኮሎንም፥ ክላሪኔት የሚጫወተው ባስ ክላሪኔትንም፥ ቫዮሊን የሚጫወተው ቪዮላንም ይይዛልና።

6. ማን ነበረ?

ከላይ እንዳየነው የመሣሪያ ዝርዝር የገበያ ታሪክና የመሣሪያ ታሪክ ነው። ከዚህ አልፎ በዚያ ስፍራ ማን እንደ ነበረ የሚመሰክርበት ጊዜም አለ። ስትራቪንስኪ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በስዊስ ሲኖር፥ በ1918 ዓ.ም. በሎዛን የታየውን «የወታደሩ ታሪክ» ለሰባት ተጫዋቾች ብቻ ጻፈ። ከእንጨት ትንፋሽ ክላሪኔትና ፋጎት፥ ከናስ ኮርኔትና ትሮምቦን፥ ከክር ቫዮሊንና ኮንትራባስ፥ ሰባተኛውም ከበሮና ሌሎች የምት መሣሪያዎችን የሚጫወት ነው። ከየነገዱ አንድ ቀጭንና አንድ ወፍራም ድምፅ ተመርጧል። ትልቅ ኦርኬስትራ ማግኘት በማይቻልበት ዘመን በትንሹ ትልቁን ለማሳየት የተደረገ ምርጫ ነው።

ሜሲያን ደግሞ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በጀርመኖች ተማርኮ ጎርሊትዝ አጠገብ በሚገኘው የምርኮኞች ሰፈር ሳለ፥ ለክላሪኔት፥ ለቫዮሊን፥ ለቼሎና ለፒያኖ ኳርቴት ጻፈ። ጥር 15 ቀን 1941 ዓ.ም. በዚያው ሰፈር፥ እርሱ ራሱ ፒያኖውን እየተጫወተ፥ በምርኮኞች ፊት ቀረበ። እነዚህ አራት መሣሪያዎች የተሰበሰቡት ልማድ ስለ ነበረ አይደለም፤ በሰፈሩ ውስጥ የነበሩት ተጫዋቾች የእነዚህ መሣሪያዎች ባለቤቶች ስለ ነበሩ ነው። ከስምንቱ ክፍሎች ሁሉም አራቱን አይጠቀሙም። አንዱ ለክላሪኔት ብቻ፥ አንዱ ለቼሎና ለፒያኖ፥ የመጨረሻው ለቫዮሊንና ለፒያኖ ነው። በርእሱ ላይ «ወይም» የለችም። በዚያ ቀን በዚያ ስፍራ «ወይም» የሚባል ነገር አልነበረምና።

መደምደሚያ

ከዚህ ምርመራ የሚወጣው ውጤት እንዲህ ነው። ኖታ የሚመርጥ ማኅበር ዝርዝሩን ሲያነብ አራት ጥያቄ ቢጠይቅ ከብዙ ስሕተት ይድናል። አንደኛ፥ «ወይም» ያለው ማን ነው? ደራሲው ነው ወይስ አሳታሚው? ሁለተኛ፥ ቍጥሩ የመሥመር ነው፥ የሰው ነው ወይስ የመሣሪያ? ሦስተኛ፥ የመሣሪያው ስም በዚያ ዘመን የሚያመለክተው ዛሬ የምናውቀውን ነውን? አራተኛ፥ ለተለዋጩ መሣሪያ የተለየ ክፍል በጥቅሉ ውስጥ አለን? ይህ የመጨረሻው እንደ ቀላል የሚታይ አይደለም። በቢ ፍላት ክላሪኔት የሚጻፈው ኖታ ከሚሰማው ድምፅ በአንድ ሙሉ ቶን ከፍ ብሎ የተጻፈ ስለ ሆነ፥ ቫዮሊን የሚጫወት ሰው የክላሪኔቱን ወረቀት እንዳለ ቢያነበው ከፒያኖው ጋር ይጣላል።

እነዚህ ጥያቄዎች ገንዘብና ጊዜ ያድናሉ፤ ዋናው ጥቅማቸው ግን ይህ አይደለም። ክላሪኔት ያለው ተማሪ የሞዛርትን ትሪዮ ሲያነሣ ምትክ ሆኖ እንዳልገባ፥ ሥራው ለእርሱ መሣሪያ እንደ ተጻፈ ማወቅ ይገባዋል። ክላሪኔት የሌለው ማኅበርም የብራምስን ሶናታ በቪዮላ ሲጫወት፥ ደራሲው ራሱ በሩን እንደ ከፈተለት ማወቅ ይገባዋል። በአንድ ርእስ ላይ የሰፈረች አንዲት ቃል አንዱን ባለቤት፥ ሌላውን እንግዳ ታደርጋለች። ማን እንደ ጻፋት መርምሮ ማወቅ ደግሞ የታሪክ ተማሪ ሥራ ነው።